በ2 ሴንቲ ሜትር እንጀራውን ያጣው ኳሰኛ፦ የሰው ሀገር ቅርጫት ኳስ እንዴት ይሠራል?

እ.ኤ.አ. በ2018 ጸደይ ላይ አንድ አሜሪካዊ ደቡብ ኮሪያ ውስጥ ቁመት መለኪያ ላይ ቆመ። ዴቪድ ሳይመን ይባላል። በዚያ የውድድር ዓመት የሀገሪቱ ሊግ ከፍተኛ ነጥብ አስቆጣሪ እሱ ነበር። ጉልበቱ አልከዳውም፣ እጁም አልሳተም። ግን ሊጉ አዲስ ሕግ አውጥቶ ነበር። አንድ ክለብ ሁለት የውጭ ተጫዋች ነው የሚኖረው። የአንዱ ቁመት ከ200 ሴንቲ ሜትር፣ የሌላው ከ186 ሴንቲ ሜትር መብለጥ የለበትም። ሳይመን ተለካ። 202.1 ሆነ።

በቃ። ሻንጣውን ሸክፎ ሄደ።

በዚያው ሰሞን ቻርልስ ሮድስ የሚባል ሌላ አሜሪካዊም ተለክቷል። የእሱ 199.2 ወጣ። ከ1 ሴንቲ ሜትር ባነሰ ልዩነት እንጀራው ተረፈለት። ደስታውን መደበቅ አልቻለም። ሊጉ ሕጉን ያወጣው ጨዋታው እንዲፈጥንና ተመልካች እንዲበዛ ብሎ ነበር። የዓለም መነጋገሪያ ከሆነ በኋላ በዓመቱ ተወው። ለሳይመን ግን የቀረው ቀረ።

ይህን ያስቀደምኩት በምክንያት ነው። ልጅ ሆነን ወወክማ ሜዳ ላይ ስንጫወት፣ ውጭ ሀገር ሄዶ መጫወት ማለት የችሎታ ጉዳይ ይመስለን ነበር። ጎበዝ ከሆንክ ይወስዱሃል፣ ካልሆንክ ትቀራለህ። ነገሩን ለዓመታት ስከታተለው የገባኝ ሌላ ነው። ከሀገር ሀገር እየዞረ የሚጫወት ሰው ችሎታው በር ላይ ያደርሰዋል እንጂ አያስገባውም። የሚያስገባውና የሚያስወጣው ወረቀት ነው። ፓስፖርት፣ ኮታ፣ የመልቀቂያ ደብዳቤ፣ የሐኪም ምርመራ፣ ውሉ ውስጥ ያለች አንዲት አንቀጽ። ስለ ታላቁ የአሜሪካ ሊግ፣ ስለ ኤንቢኤ ኮከቦች ሲወራ እንውላለን። ስለ እነዚህ ሰዎች ግን ብዙም አይወራም። በቁጥር ግን የሚበዙት እነሱ ናቸው።

ቁጥሩን እንየው። ኤንቢኤ 30 ክለብ አለው። እያንዳንዱ ቢበዛ 15 መደበኛ ተጫዋች ይይዛል። 450 ሰው ማለት ነው። በኤንቢኤና በሥሩ ባለው ሊግ መሀል የሚመላለሱትን ከየክለቡ ሦስት ሦስት ሰዎች ብንጨምር 540። በዓመት በድራፍት፣ ማለትም ክለቦቹ ተራ በተራ አዳዲስ ልጆችን በሚመርጡበት ሥርዓት የሚመረጠው 60 ገደማ ነው። በሌላ በኩል በአሜሪካ ዩኒቨርሲቲዎች የመጀመሪያ ዲቪዚዮን ብቻ ከ350 በላይ ቡድኖች አሉ። እያንዳንዱ ደግሞ ከ10 በላይ ተጫዋች አለው። በየዓመቱ ከሚመረቁት መሀል ጥቂቶቹ ኤንቢኤ ይገባሉ፣ ብዙዎቹ ኳሱን ትተው ሌላ ሥራ ይይዛሉ። የቀሩት ፓስፖርት ያወጣሉ። ወደ ፖላንድ፣ ወደ ቱርክ፣ ወደ ጃፓን፣ ወደ ሜክሲኮ፣ ወደ ሊባኖስ ይበተናሉ።

ከእነዚህ ውስጥ የሁለቱን ሰዎች ሕይወት ጠጋ ብለን እንይ። ሁለቱም ለያዙት ቦታ አጭር የሚባሉ ነበሩ። ሁለቱም ባምበርግ የምትባል አንዲት ትንሽ የጀርመን ከተማ ውስጥ ተጫውተዋል። አንዱ ሲወጣ ሌላው ገባ።

የመጀመሪያው ፒ.ጄ. ተከር ነው። በ2006 ከቴክሳስ ዩኒቨርሲቲ ወጥቶ በ35ኛ ተራ ቶሮንቶ ወሰደው። ኮሌጅ እያለ የምድቡ የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ነበር። ኤንቢኤ ሲገባ ግን ቦታ አጣ። 196 ሴንቲ ሜትር ነው። ከቅርጫቱ ሥር እንዳይጫወት አጠረ፣ ከሩቅ እንዳይጫወት ውርወራው ገና ነበር። 17 ጨዋታ ላይ ብቻ ተሰለፈና ዓመቱ ሳያልቅ ለቀቁት።

የ22 ዓመት ልጅ ነው እንግዲህ። ያደገው ራሌይ፣ ሰሜን ካሮላይና ውስጥ ነው። ቀጥሎ የደረሰው ሆሎን ነበር፣ ከቴል አቪቭ ደቡብ የምትገኝ ከተማ። እስራኤል የምትኖሩ አንባቢዎች ታውቋታላችሁ። የከተማዋ ክለብ ሀፖኤል ሆሎን ሀብታም አልነበረም። በዚያ ዘመን የእስራኤል ዋንጫ ማለት ደግሞ ማካቢ ቴል አቪቭ ማለት ነው። 14 ዓመት በተከታታይ ወስዶታል። በ2008 ፍጻሜ ሆሎንና ማካቢ ተገናኙ። ሆሎን 73 ለ 72 አሸነፈ። በአንዲት ነጥብ። ተከር የዓመቱ የሊጉ ምርጥ ተጫዋች ተባለ።

እዚህ ላይ አንድ ሰው «እንግዲህ አለፈለት» ሊል ይችላል። አላለፈለትም። የዞረበትን ብቻ ልጥራው፦ ዩክሬን ዶኔትስክ፣ እንደገና እስራኤል፣ ግሪክ ተሰሎንቄ፣ ጣሊያን ሞንተግራናሮ፣ ፖርቶ ሪኮ፣ ከዚያ ጀርመን ባምበርግ። ይህ ሁሉ በአምስት ዓመት ውስጥ ነው። በየቦታው አዲስ አሰልጣኝ፣ አዲስ ቋንቋ፣ አዲስ የቤት ቁልፍ። በየቦታው ራሱን ከዜሮ ማሳየት አለበት። ባምበርግ በ2012 የሊግም የዋንጫም ድርብ ሲወስድ ተከር የፍጻሜው ምርጥ ተጫዋች ሆነ። ቀጥሎ ለሩሲያው ስፓርታክ ሴንት ፒተርስበርግ ሊጫወት ነበር። በመሀል ለፊኒክስ በሐምሌው የሙከራ ውድድር ላይ ታየና ክለቡ አስፈረመው። በ27 ዓመቱ ኤንቢኤ ተመለሰ።

የተመለሰው ግን ሌላ ሰው ሆኖ ነው። ኮሌጅ እያለ ነጥብ አስቆጣሪ ነበር። አውሮፓ ላይ ሌላ ሥራ ተማረ፦ የሌላውን ቡድን ምርጥ ሰው ማሰር፣ ሜዳው ጥግ ላይ ቆሞ ኳስ መጠበቅ፣ የተበላሸ ኳስ መሬት ላይ ወድቆ ማዳን። ማንም የማይፈልገውን ሥራ። በሐምሌ 2021 ከሚልዋኪ ጋር የኤንቢኤ ሻምፒዮን ሲሆን 36 ዓመቱ ነበር።

ይህን ታሪክ ኤጀንቶች በጣም ይወዱታል። ለልጁ ሁሉ ይነግሩታል። «ተከርን አየኸው?» እኔም እወደዋለሁ። ግን ጉዳት አለው ብዬ አምናለሁ። በመቶ የሚቆጠሩ ልጆች ሆሎንን እንደ መተላለፊያ፣ ባምበርግን እንደ መጠበቂያ ክፍል እንዲያዩት ያደርጋል። ሕይወታቸው ሌላ ቦታ ላይ እየጠበቀች ያለች ይመስላቸዋል። ዕድሜያቸው ግን እዚያው ያልቃል።

ስለዚህ ሁለተኛው ሰው ይበልጥ ይማርከኛል። ካይል ሃይንስ። ከተከር በፊት በነበረው ዓመት ባምበርግ የተጫወተው እሱ ነው። 198 ሴንቲ ሜትር ሆኖ ሴንተር ነበር፣ ቅርጫቱ ሥር የሚቆመው ረጅሙ ሰው፣ ከእሱ 15 ሴንቲ ሜትር የሚበልጡ ሰዎችን እየያዘ። በ2008 ከሰሜን ካሮላይና ግሪንስቦሮ ዩኒቨርሲቲ ሲወጣ ድራፍት ላይ ማንም አልመረጠውም። ጣሊያን ሄደ፣ ያውም ሁለተኛ ዲቪዚዮን፣ ቬሮሊ የምትባል ትንሽ ከተማ። ከዚያ ባምበርግ። ከዚያ ኦሎምፒያኮስ። በ2012 ኢስታንቡል ላይ ኦሎምፒያኮስ ሲኤስኬ ሞስኮን 62 ለ 61 አሸንፎ የአውሮፓ ክለቦችን ትልቁን ውድድር፣ የዩሮሊግን ዋንጫ ሲያነሣ ሃይንስ ነበረበት። በ2013ም ደገሙት። ከዚያ ወደዚያው ወደ ሲኤስኬ ተዛውሮ በ2016 እና በ2019 ሁለት ጨመረ። አራት የዩሮሊግ ዋንጫ። በመጨረሻ ሚላን ተጫውቶ በ2024 ጫማውን ሰቀለ። ኤንቢኤ ውስጥ አንድም ደቂቃ አልተጫወተም።

ሃይንስን ያተረፈው አንድ ነገር ነው እላለሁ። የደረሰበትን ሀገር እንደ መድረሻ ያዘው። ኮንትራቱ ረዘመ፣ ስሙ ተከበረ። ለዚህ ዕድልም ያስፈልጋል፣ ይህን አልክድም። እንደ እሱ ትልቅ ክለብ ያልደረሰ ሰው የሚገጥመው ሌላ ነው። አሁን ወደዚያ ልውሰዳችሁ።

አንድ ልጅ ነሐሴ ላይ አንድ የአውሮፓ ከተማ አረፈ እንበል። አውሮፕላን ማረፊያ የክለቡ ሰው ይቀበለዋል። ቤት ተዘጋጅቶለታል፣ አብዛኛው ውል ላይ ቤትና ትንሽ መኪና ከደመወዙ ጋር ይካተታሉ። የደርሶ መልስ ቲኬትም እንዲሁ። ቤቱ ውስጥ ብዙ ጊዜ ያለፈው ዓመት ተጫዋች ትቶት የሄደ ነገር አይጠፋም። የቅመም ብልቃጥ፣ የሶኬት መቀየሪያ፣ አንድ እግሩ የጠፋ ካልሲ። ያ ሰው አሁን የት እንዳለ ማንም አይነግረውም።

በማግስቱ ሐኪም ዘንድ ይወስዱታል። ይህቺ ምርመራ ቀላል እንዳትመስላችሁ። ውሉ የሚጸናው ምርመራውን ካለፈ ብቻ ነው ተብሎ ይጻፋል። ጉልበቱ ላይ የቆየ ጉዳት ከተገኘ ክለቡ «ይቅር» ማለት ይችላል። ልጁ ግን ሌሎች ጥያቄዎችን እምቢ ብሎ፣ ሀገሩን ጥሎ መጥቷል። ስለዚህ ጠንቃቃ ኤጀንት ውሉ ላይ ምርመራው በስንት ቀን ውስጥ ማለቅ እንዳለበት ያስጽፋል። ቀኑ ካለፈ ውሉ እንደጸና ይቆጠራል። እንዲህ ያለች አንዲት መስመር የአንድ ዓመት ኑሮ ታድናለች።

ደመወዙ ብዙውን ጊዜ በ10 ወር ተከፋፍሎ ይከፈላል። «የተጣራ» ነው የሚባለው። ግብሩን ክለቡ ይከፍላል ማለት ነው። ለጆሮ ደስ ይላል። ክለቡ ግብሩን ካልከፈለ ግን መንግሥት የሚያውቀው ደመወዙን የተቀበለውን ሰው ነው። ኤጀንቱ በዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን በፊባ ደንብ እስከ 10 በመቶ ያገኛል። ይህን በብዛት የሚከፍለው ክለቡ ነው። እዚህ ላይ አንባቢ ራሱ ይፍረድ፦ ክለቡ ካልከፈለ ኤጀንቱም አያገኝም፣ ግን ያው ኤጀንት ነገ ሌላ ተጫዋች ለዚያው ክለብ ማቅረብ ይፈልጋል። ጠበኛ ሆኖ መታየት አይፈልግም። ጥሩዎች አሉ፣ እስከ መጨረሻው የሚሟገቱ። ግን ይህ ውስጣዊ ግጭት ሁልጊዜ አለ።

ከዚያ ኅዳር ይመጣል። ቡድኑ አራት ጨዋታ በተከታታይ ተሸነፈ። መጀመሪያ የሚነካው የውጭ ተጫዋቹ ነው። የሀገሩን ልጅ ማባረር ከባድ ነው፣ ቤተሰቡ ከተማው ውስጥ አለ፣ ደጋፊው ያውቀዋል። የውጭው ሰው ግን የመጣው ለማሸነፍ ነው ይባላል። ፊሊፒንስ ውስጥ ይህ እጅግ ይብሳል። የሀገሪቱ ሊግ በዓመት ካሉት ውድድሮች በአንዱ የውጭ ሰው ጨርሶ አያስገባም። በሌሎቹ ለዓመታት ለአንድ ክለብ አንድ ሰው ብቻ ሲፈቅድ ኖሯል፣ ያውም ብዙ ጊዜ ቁመቱ ተወስኖ። ቡድኑ ከተሸነፈ ጥፋቱ የዚያ የአንዱ ሰው ነው። ሁለት ጨዋታ ተጫውቶ የተመለሰ ሰው ብዙ ነው።

አንዳንዴ ደግሞ አያባርሩትም። ደመወዙን ያዘገዩታል። መጀመሪያ ሁለት ሳምንት፣ ከዚያ ወር፣ ከዚያ «ስፖንሰሩ ሰኞ ይከፍላል» ይባላል። ሰኞ አይመጣም። ይህ ወሬ አዲስ አበባ ላይ ለምትኖሩ የስፖርት ሰዎች እንግዳ አይደለም። ቤሩት ወይም ሪያድ ከርማችሁ ለተመለሳችሁ እህቶቻችንማ ጭራሽ አይነገርም። ገንዘቡና ክብሩ የሰማይና የምድር ያህል ቢራራቅም፣ ደላላው፣ ውሉ፣ የዘገየው ደመወዝ፣ የሰው ሀገር ላይ አቤት የሚባልበት ቦታ ማጣት፣ አካሄዱ አንድ ነው።

ኳሰኞቹ ግን አንድ ነገር አላቸው፣ የሌላው ስደተኛ ሠራተኛ ቢኖረው ብዬ የምመኘው። ፊባ በ2007 አንድ የግልግል ፍርድ ቤት አቋቋመ። መቀመጫው ጄኔቫ ነው። ዛሬ ባት ተብሎ ይታወቃል። ውሉ ላይ «አለመግባባት ቢፈጠር ባት ይዳኘን» የሚል መስመር ካለ ተጫዋቹ የክለቡ ሀገር ፍርድ ቤት ደጅ አይጠናም። በማያውቀው ቋንቋ አይከራከርም። አንድ ዳኛ ይመደባል፣ ክርክሩ በአብዛኛው በጽሑፍ ነው። ዳኛው የአንድን ሀገር ሕግ አንቀጽ እየጠቀሰ ሳይሆን «ፍትሐዊው የትኛው ነው?» ብሎ ነው የሚፈርደው። የእኛ ሀገር ሽማግሌ እንደሚፈርደው ማለት ይቻላል። ልዩነቱ ይህ ሽምግልና ጥርስ አለው። የተፈረደበት ክለብ ካልከፈለ ፊባ አዲስ ተጫዋች እንዳያስመዘግብ ያግደዋል። ክለብ ደግሞ ክስን ሳይሆን ይህን ነው የሚፈራው። ሐምሌ ላይ አዲስ ሰው ማስፈረም ሲያምረው የአምናውን ዕዳ ይከፍላል።

ጉድለት የለውም አልልም። ለመክሰስ መጀመሪያ ገንዘብ ማስያዝ ያስፈልጋል። ሦስት ወር ያልተከፈለው ሰው ከየት ያመጣል? ክለቡ ከነጭራሹ ከፈረሰም ፍርዱ ወረቀት ሆኖ ይቀራል። ግን ያ መስመር ውሉ ላይ መኖሩና አለመኖሩ የቀንና የሌሊት ልዩነት ነው።

ሌላው ወረቀት የመልቀቂያ ደብዳቤ ነው። ተጫዋቹ ከአንድ ሀገር ወደ ሌላ ሲዛወር የለቀቀበት ሀገር ፌዴሬሽን «ከእኛ ነፃ ነው» ብሎ መጻፍ አለበት። ያለዚያ አዲሱ ክለብ አያሰልፈውም። አንዳንድ ክለብ ይህቺን ደብዳቤ እንደ መያዣ ይጠቀምባታል። «የቀረብህን ደመወዝ ተው፣ ደብዳቤውን እንስጥህ።» ልጁ አዲስ ሥራ አግኝቷል፣ ጊዜ የለውም። ይተወዋል።

የሁሉም ራስ ግን ፓስፖርት ነው። ስፔን ውስጥ ከአውሮፓ ውጭ የሚመጣ ተጫዋች ቁጥር በኮታ የተወሰነ ነው። አሜሪካዊ ሆኖ መወለድ ማለት ለዚያች ጠባብ ቦታ መጋፋት ነው። መውጫ መንገዱ የተገኘው ማንም ባላሰበው ቦታ ነው። በ2000 የአውሮፓ ኅብረት ከአፍሪካ፣ ከካሪቢያንና ከፓስፊክ ሀገራት ጋር ኮቶኑ፣ ቤኒን ላይ አንድ የንግድና የትብብር ስምምነት ፈረመ። ውስጡ በሕጋዊ መንገድ የሚሠራ የእነዚህ ሀገራት ዜጋ በሥራ ሁኔታ እንዳይገለል የሚል ነገር አለ። የስፖርት ጠበቆች ይህቺን ይዘው ገቡ። የአፍሪካ ፓስፖርት ያለው ተጫዋች ከኮታው ውጭ መቆጠር ጀመረ። እስካሁን በስፔን ቅርጫት ኳስ እንዲህ ያለው ሰው «ኮቶኑ» ይባላል። አፍሪካን ረግጠው የማያውቁ አሜሪካውያን በድንገት የአፍሪካ ሀገር ፓስፖርት ይዘው ብቅ ያሉት ለዚህ ነው።

ኢትዮጵያም የዚህ ስምምነት ፈራሚ ነበረች። ይህን ሳስብ የሚቆጨኝ ነገር አለ። ሜሪላንድ ወይም ሚኒሶታ ተወልዶ ኮሌጅ የተጫወተ የእኛ ልጅ የኢትዮጵያ ፓስፖርት ቢኖረው፣ ማድሪድ ወይም ቫሌንሲያ ሲደርስ በኮታ አይታይም ነበር። ግን ሕጋችን ጥምር ዜግነት አይፈቅድም። ያለው ለትውልደ ኢትዮጵያውያን የሚሰጠው ቢጫ ካርድ ነው። ቢጫ ካርድ ቦሌ ላይ ያለ ቪዛ ያስገባል፣ ኢንቨስት ያስደርጋል። ስፔን ላይ ግን ፓስፖርት አይሆንም።

በተቃራኒው አቅጣጫ ያለውንማ ከማንም በላይ እናውቀዋለን። ኤልቫን አቤይለገሰ ለቱርክ፣ ማርያም ዩሱፍ ጀማል ለባህሬን ሲሮጡ አይተናል። ቅርጫት ኳስ ላይም ይኸው ነው። ፊባ ለአንድ ብሔራዊ ቡድን አንድ ዜግነት የቀየረ ሰው ይፈቅዳል። መቄዶንያ በ2011 የአውሮፓ ዋንጫ አራተኛ የወጣችው በአሜሪካዊው ቦ ማካሌብ ነው፤ አስተናጋጇን ሊትዌኒያን በሜዳዋ 67 ለ 65 አሸንፋ። በ2022 ደግሞ ስፔን ለሎሬንዞ ብራውን በመንግሥት ውሳኔ ፓስፖርት ሰጠች። በወቅቱ ለአንድም የስፔን ክለብ ተጫውቶ አያውቅም። የስፔን ተጫዋቾች ማኅበር ተቃወመ። በመስከረም ስፔን የአውሮፓ ሻምፒዮን ሆነች። ብራውን የውድድሩ ምርጥ አምስት ውስጥ ገባ። ሰውዬው ጥፋት የለበትም። ስፔን ውስጥ በሌላ ሥራ ለዓመታት ለፍተው ወረቀት ለሚጠብቁ ስደተኞች ግን ያ ሐምሌ መራራ ነበር ብዬ አስባለሁ።

ወረቀቱ ሁሉ የተሟላለት ሰውም ቢሆን አንድ ነገር ውሉ አይሸፍንለትም። ጦርነት። ተከር የተጫወተባት ዶኔትስክ እሱ ከሄደ ጥቂት ዓመት ቆይቶ በ2014 የጦርነት ከተማ ሆነች። በየካቲት 2022 ሩሲያ ዩክሬንን ስትወር ሞሪስ ክሪክ የሚባል አሜሪካዊ ተጫዋች ሚኮላይቭ ከተማ ውስጥ ነበር፣ በቦምብ መጠለያ። በየብስ ድንበር ተሻግሮ ወጣ። ከቀናት በኋላ ዩሮሊግ የሩሲያን ሦስት ክለቦች አገደ፣ የውጭ ተጫዋቾቻቸውም ሻንጣቸውን አነሡ። ከጥቅምት 2023 በኋላ ደግሞ የእስራኤል ክለቦች «የሜዳቸውን» ጨዋታ ቤልግሬድና ቡልጋሪያ ሄደው መጫወት ጀመሩ። ስደተኛ ለሆነ ተጫዋች ክለቡም ተሰደደበት።

ሴቶቹ ጋ ስንመጣ ነገሩ ይለያል። ወንዱ የሚሰደደው ሀገሩ ላይ ቦታ ስላጣ ነው። ሴቷ ግን የዓለም ምርጧ ሆናም ትሰደዳለች። በ2022 የአሜሪካ ሴቶች ሊግ ከፍተኛው ደመወዝ 228,000 ዶላር ገደማ ነበር። ሩሲያ ውስጥ የየካተሪንበርግ ክለብ ለብሪትኒ ግራይነር በዓመት ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ ይከፍል እንደነበር በሰፊው ተዘግቧል። ስለዚህ ሰባት ዓመት ተመላለሰች። ወንዶቹ ክረምታቸውን ሲያርፉ እሷ ሌላ ሊግ ትጀምራለች። ብሪያና ስቱዋርት በሚያዝያ 2019 ሃንጋሪ ውስጥ ለሩሲያ ክለብ ስትጫወት የአኪልስ ጅማቷ ተበጠሰ። የአሜሪካው ሊግ ምርጥ ተጫዋች ሆና በመረጧት በወራት ውስጥ ነው። ግራይነር ደግሞ በየካቲት 17፣ 2022 ሞስኮ አውሮፕላን ማረፊያ ሻንጣዋ ውስጥ የካናቢስ ዘይት ተገኘ ተብላ ተያዘች። 9 ዓመት ተፈረደባት። ታኅሣሥ ላይ አቡዳቢ አየር ማረፊያ በእስረኛ ልውውጥ ተለቀቀች። ሰው ሁሉ ስለ ፖለቲካው አወራ። «የሀገሯ ሊግ የሚገባትን ቢከፍላት በዚያ ብርድ ምን ትሠራ ነበር?» የሚለው ጥያቄ ግን ቆይቶ ነው የመጣው። በጥር 2025 ስቱዋርትና ናፊሳ ኮሊየር ማያሚ ላይ የራሳቸውን ሊግ ጀመሩ። ተጫዋቾቹ ሀገራቸው ሆነው እንዲያገኙ።

ወንዶቹም ዘንድ ቢሆን መንገዱ እየተቀየረ ነው፣ ያውም በፍጥነት። ከ2021 ጀምሮ የአሜሪካ ኮሌጅ ተጫዋቾች በስማቸው ገንዘብ ማግኘት ተፈቀደላቸው። በሰኔ 2025 ደግሞ ፍርድ ቤት አንድ ስምምነት አጸደቀ። በዚህ መሠረት አንድ ዩኒቨርሲቲ ለስፖርተኞቹ በዓመት እስከ 20.5 ሚሊዮን ዶላር በቀጥታ ማካፈል ይችላል። ይህን ተከትሎ ስደቱ ዞረ። የአውሮፓ ልጆች ወደ አሜሪካ መጉረፍ ጀመሩ። ኤጎር ዴሚን ከሪያል ማድሪድ፣ ካስፓራስ ያኩቺዮኒስ ከባርሴሎና ተነሥተው ኮሌጅ ገቡ፣ በ2025 ሁለቱም ኤንቢኤ ተመረጡ። በታዳጊነታቸው ያሳደጓቸው ክለቦች እጃቸውን አጣጥፈው ቀሩ።

ለአሜሪካዊው ልጅ ደግሞ ይህ ነገር በረከትም ፈተናም ነው። ተከር በ22 ዓመቱ ሆሎን ሲሄድ የሚያወዳድረው ብዙ ገንዘብ አልነበረውም። የዛሬው ልጅ ኮሌጅ ውስጥ ጥሩ ሲከፈለው ቆይቶ በ24 ዓመቱ የመጀመሪያውን የአውሮፓ ውል ሲያይ ደመወዙ ሊቀንስ ይችላል። ያውም ብርዱንና ብቸኝነቱን ጨምሮ። ከላይ ደግሞ ሊጎቹ ራሳቸው ቦታ እየቀያየሩ ነው። ዩሮሊግ ወደ 20 ክለብ ሰፍቶ ዱባይን አስገብቷል። ኤንቢኤና ፊባ በመጋቢት 2025 አውሮፓ ላይ አዲስ ሊግ ለማቋቋም እያጠኑ መሆናቸውን አስታውቀዋል። ዱባይ የምትኖሩ ወገኖች አሁን ትልልቅ የአውሮፓ ክለቦችን በታክሲ ሄዳችሁ ማየት ትችላላችሁ። ገንዘቡ ወደ ላይኛው ፎቅ እየወጣ ነው። እኔን የሚያሳስበኝ ታችኛው ፎቅ ነው፦ ቬሮሊ፣ ሞንተግራናሮ፣ ሆሎን። ሃይንስና ተከር ሥራ የተማሩት እዚያ ነው። እነዚያ ክለቦች ከደከሙ ቀጣዩ ሃይንስ የት ሄዶ ይማራል?

አንድ አዲስ በር ግን በእኛው ሰፈር ተከፍቷል። የአፍሪካ ቅርጫት ኳስ ሊግ በግንቦት 2021 ኪጋሊ ላይ ተጀመረ። ከአፍሪካ ውጭ የሚመጣ ተጫዋች ቁጥር የተገደበ ነው፣ ስለዚህ እዚህ የአፍሪካ ፓስፖርት ጥቅም እንጂ ሸክም አይደለም። በ2023 የግብፁ አል አህሊ ዋንጫውን ሲወስድ የውድድሩ ምርጥ ተጫዋች የተባለው ኑኒ ኦሞት ነበር። ኦሞት የሚለውን ስም ጋምቤላ የኖረ ሰው ያውቀዋል። ቤተሰቡ ከኢትዮጵያ ተሰዶ እሱ ኬንያ ውስጥ፣ የስደተኞች መጠለያ ነው የተወለደው። ሚኒሶታ አደገ፣ ቤይለር ዩኒቨርሲቲ ተጫወተ፣ ድራፍት ላይ ማንም ሳይመርጠው ቀረ። ከዚያ እንደ ሌሎቹ ሻንጣውን ይዞ ዞረ።

በ2024 ፓሪስ ኦሊምፒክ ላይ ደቡብ ሱዳን ፖርቶ ሪኮን 90 ለ 79 ስታሸንፍ ሜዳ ላይ ነበር። ማሊያው የደቡብ ሱዳን ነው።